በእናቴ ሳጥን የኖረው ሰርግ

ሰው ወርቅ ይደብቃል፤ ሰው ጠመንጃ ይደብቃል። እናቴ የደበቀችው ሰርግ ነው።

ታላቅ እህቴ የውብዳር፣ እኛ እታለም የምንላት፣ እኔ ገና ጎረምሳ ሳለሁ በጥር ወር ተዳረች። መንደራችን ከቤተ ልሔም ወዲህ ናት፤ በዚያ ዘመን እኛ ዘንድ መብራት የሚባለው ፀሐይ ብቻ ነበር። የሙሽራው ወገን ግን «ሰርጋችን በቪዲዮ ካልተቀረጸ» ብሎ፣ ደብረ ታቦር ከነበረ አንድ ፎቶ ቤት ካሜራ ያዥ አስመጣ። ሰውዬው ጄኔሬተሩን በበቅሎ አስጭኖ መጣ፣ ቀረጸ፣ በላ፣ ጠጣ፣ ሄደ። ከወራት በኋላ ካሴቱ ተላከልን። እንየው ብንል ቴሌቪዥን የለም፣ ካሴት የሚያጫውት ዴክ የለም። እናቴ በነጠላ ቁራጭ ጠቅልላ ሳጥኗ ውስጥ ቆለፈችበት።

እንግዳ ሲመጣ ግን ይወጣል። በሚካኤል ዝክር፣ በፋሲካ፣ ልጅ ሊጠይቅ ሽማግሌ በመጣ ቁጥር፣ እናቴ ጨርቁን ትፈታና ጥቁሩን ነገር ታሳያለች። «ይኸውላችሁ፣ የየውብዳር ሰርግ።» እንግዶቹም እየተቀባበሉ አገላብጠው ያዩና «ወይ ጉድ፣ እንዴት ያለ ሰርግ ነበር!» ይላሉ። አንዲት ጎረቤታችን እንዲያውም ካሴቱን አይታ እንባዋ መጥቷል።

ከሁሉ ይልቅ የተጠቀሙበት የእናቴ ወንድም አያ ሙላት ናቸው። «በዚያ ሰርግ የወረድሁት እስክስታ! ዳሱ ተነቃንቆ ሰው ሊወጣ ምንም አልቀረው! ካላመናችሁ ካሴቱ ይመስክር» እያሉ በአገጫቸው ወደ ሳጥኑ ያመለክታሉ። ካሴቱ ዝም ይላል። ዝም እንደሚል ምስክር ደግሞ የሚያስተማምን የለም።

እንዲህ በሰላም ስንኖር ነገር የመጣው በአፍንጫ ነው።

አባባ ደምሌ፣ የእናቴና የአያ ሙላት አባት፣ ከሰርጉ ጥቂት ቆይተው ነው ያረፉት። በወጣትነታቸው ቤተ ልሔም ድጓ ሊማሩ ገብተው፣ መምህሩ ድምፃቸውን ከሰሙ በኋላ «ልጄ፣ እርሻም የእግዜር ሥራ ነው» ብለው የሸኟቸው ሰው ናቸው። ዜማው እንቢ ቢላቸው ምርቃቱ እሺ አላቸው። በአገራችን አባባ ደምሌ ያልመረቁት ሰርግ ለጊዜው የተደረገ ነገር ይመስል ነበር። ፎቶ ግን አንድ ቀን አልተነሡም። «ፊቴን የፈለገ መጥቶ ይየኝ» ባይ ነበሩ።

ከብዙ ዓመት በኋላ አንድ ቀን እናቴና አያ ሙላት ንፋስ መውጫ ከተማ እኔ ቤት ተቀምጠው የአባታቸው ነገር ተነሣ። እናቴ «ያ ሰልካካ አፍንጫው» አለች። አያ ሙላት «ኧረ እህት ዓለም፣ አባባ አፍንጫው ደፍጠጥ ያለ ነበር» አሉ። ተከራከሩ። አያ ሙላት የራሳቸውን አፍንጫ በማስረጃነት አቀረቡ፤ እናቴ «አንተ የወጣኸው በእናታችን ነው» ብላ ማስረጃውን ጣለችው። ከዚያ ድንገት ክርክሩን ተወችና መሬት መሬት ታይ ጀመር።

«ሙላት፣ እኔ እኮ የአባቴ ፊት እየጠፋብኝ ነው» አለች። «ድምፁ አለ። ጋቢው አለ። ፊቱ ላይ ስደርስ የጉና ተራራ ጭጋግ ነው።»

አያ ሙላት የራሳቸውን አፍንጫ ዳበስ ዳበስ አደረጉ። የአባባ አፍንጫ ከእሳቸውም እንደጠፋ ፊታቸው ላይ አየሁ።

ትንሽ የተማረ ሰው እንዲህ ባለ ጊዜ ዝም ማለት አይሆንለትም። «ካሴቱ አለ አይደለም እንዴ?» አልሁ። «አባባ ሲመርቁ ተቀርጸዋል። ደብረ ታቦር ወስጄ በፍላሽ አስገልብጬ አመጣዋለሁ።»

እናቴ ካሴቱን የሰጠችኝ «ከእኔ በፊት ማንም አያየውም፣ አንተም አታየውም» ብላ በሚካኤል ካስማለችኝ በኋላ ነው። በሚኒባሱ ውስጥ እንደ አራስ ልጅ ታቅፌው ሄድሁ። አጠገቤ የተቀመጡት እናት «ምንድን ነው ልጄ?» ቢሉኝ «ሰርግ ነው» አልኋቸው። ከዚያ በኋላ እስከ ደብረ ታቦር አላናገሩኝም። የሚገለብጠው ባለሙያ ካሴቱን ከፍቶ «ሻግቷል» አለኝ። ለካስ ሰርግም ይሻግታል። አጥቦ፣ አድርቆ፣ ገልብጦ ፍላሹን ሰጠኝ። በመሐላዬ መሠረት ወደ ስክሪኑ ጀርባዬን ሰጥቼ ነው የጠበቅሁት።

እናቴ ፍላሿን በመዳፏ ይዛ ብዙ አየቻት። «ያን የሚያህል ሰርግ እዚች ውስጥ?»

«አዎ፣ እማዬ።»

«ሰንጋውም?»

«ሰንጋውም።»

«ምን አድርገው ቢጫኑት ነው» አለችና ለሰንጋው አዘነች።

በእሑድ ቀን ሁሉም ቤቴ ተሰበሰበ። እናቴ ፊት ለፊት፣ አያ ሙላት በስተቀኟ፣ እታለምና ባሏ አያሌው እንደ ሙሽራ ጎን ለጎን፤ ጎረቤትም ሳይጠራ መጣ። ከፈትሁት። መጀመሪያ ስክሪኑ ላይ ነጭ ነጥብ እንደ በረዶ ወረደ፤ ከዚያ አንድ መኪና ታየ፤ ከመኪናው ሙሽራ ወረደች። በእታለም ሰርግ መኪና አልነበረም፤ በበቅሎ ነው የሄደችው። ግን ማንም ምንም አላለም። ሰው ሀብት ሲጨመርለት አይከራከርም።

«ቬሎዬ!» አለች እታለም። «እጅጌው ላይ የተጣፈችውን ቀዳዳ አያችኋት? ስከራየውም ነበረች።»

በዳሱ መካከል አንድ ጎበዝ ጀርባውን ሰጥቶ እስክስታ ይወርዳል፤ ትከሻው አጥንት ያለው አይመስልም። አያ ሙላት ከመቀመጫቸው ተነሡ። «ይኸው! ይኸው እኔ! ካሴቱ ይመስክር አላልሁም?» ሁላችንም አጨበጨብንላቸው። ጎበዙ ዞረ። ረጅም፣ ቀይ፣ ጥርሰ ፍንጭት ሰው ነው። አያ ሙላት አጭርና ጠይም ናቸው። ትንሽ አሰቡና «የካሜራው መብራት ነው እንዲህ ያስመሰለኝ» ብለው ተቀመጡ።

ቀጥሎ የሙሽራዋ ዓይነ ርግብ ተገለጠ።

አያሌው ጉሮሮውን ጠረገና ቀስ ብሎ «ይቺ የኔ ሚስት አይደለችም» አለ።

«መቼ ነው ያወቅኸው?» አለች እታለም።

«ገና ከመኪናው ስትወርድ።»

«ታዲያ ምን ዘጋህ?»

«እናትሽ ደስ ብሏቸው ነበራ።»

ፎቶ ቤቱ በአንድ ጥር የቀረጻቸውን ሁለት ሰርጎች አቀያይሮ ሰጥቶ ኖሯል። በየክብረ በዓሉ ስናወጣ ስናገባው የኖርነው የማናውቃቸውን ሰዎች ነው። ላጠፋው ስል እናቴ እጇን ዘረጋች። በስክሪኑ ላይ አንድ ሽማግሌ ከዘራቸውን ወደ ላይ ወርውረው እየቀለቡ ይጨፍራሉ፤ ሰው ሁሉ ከቦ ያጨበጭብላቸዋል።

«ይኼ የማን አባት ነው?» አለች።

ማንም አላወቀም።

«ደስ የሚል ሰው ነው።» ጨፍረው እስኪጨርሱ ጠበቀቻቸው። ከዚያ ወደ እኔ ዞረች። «የሰው አባት ይዘን ኖረናል። የኔም አባት ሰው ቤት ነው ያለው። ሂድና አምጣው።»

ቪዲዮውን መልሼ መላልሼ አየሁት። ሴቶቹ ሲዘፍኑ «የአቶ አዱኛው ልጅ» ይላሉ። ከመኪናው ጀርባ ባለው ሱቅ ላይ ደግሞ «መካነ ኢየሱስ» የሚል ሰሌዳ ይታያል። መካነ ኢየሱስ የእስቴ ወረዳ ከተማ ናት። የሙሽራዋን ምስል ስልኬ ውስጥ አስገባሁና በደብረ ታቦር በኩል አድርጌ ሄድሁ።

ከአውቶቡስ እንደወረድሁ ስልኬን ለአንድ የባጃጅ ሾፌር አሳየሁት። «ይቺን ሴት ታውቃታለህ?»

ስክሪኑን አየ፤ እኔን አየ። «ወንድሜ፣ ይኼ እኮ የድሮ ሰርግ ነው። አግብታ፣ ወልዳ፣ ምናልባት ድራለች። አሁን ምን ልታደርግልህ ነው? ተወው፤ ቁረጥ» ብሎ ትከሻዬን መታ መታ አድርጎ ሄደ።

ገበያ ገባሁ። ሽንኩርት የሚሸጡ አንዲት ወፍራም ሴትዮ ስልኬን ተቀብለው ሲያዩ ቆዩና ጮኹ። «እሰይ! ይቺ እኔ ነኝ! ከሚዜዋ ኋላ ያለችው! ቀጭን ነበርሁ ስል አላመናችሁኝም ነበር!» ብለው ስልኬን ይዘው ተነሡ። ከሽንኩርት ተራ ወደ በርበሬ ተራ፣ ከበርበሬ ተራ ወደ እህል በረንዳ፣ ቀጭን እንደነበሩ እያስመሰከሩ ሄዱ፤ እኔ ከኋላ ከኋላ «እናቴ፣ ስልኬን» እያልሁ እከተላለሁ። እህል በረንዳ ስንደርስ አንድ ነጋዴ አየና «ይኼማ የዝማም ሰርግ ነው፤ የባለወፍጮው የአዱኛው ልጅ» አለ። ቤቷንም አሳየኝ።

በሩን ስቆረቁር አንዲት ቀይ ሴት ከፈተችልኝ። ሙሽራዋ ናት፤ አላረጀችም፤ ሰፋ ብቻ ብላለች። ስሜን ልናገር ስል አንድ እርምጃ ወደ ኋላ አለችና አማተበች።

«በስመ አብ! ጠላ ደፊው!»

እዚህ ላይ አንድ ነገር ማስረዳት አለብኝ። በእታለም ሰርግ አንድ እንስራ ጠላ ተሸክሜ ከማጀቱ ጀርባ ተዳጥጬ ወድቄ ነበር። ተነሥቼ ግራና ቀኝ አየሁ፤ ማንም የለም። ገሎቹን ሰብስቤ ቀበርኋቸው። እንስራው የት ገባ ቢባል ሰው የሰረቀው ይመስላል ብዬ፣ ቤተሰቤም እስከ ዛሬ እንደዚያው ያምናል። ካሜራ ያዡ ከአጥሩ ወዲያ ቆሞ እንደነበር የሰማሁት በማላውቀው አገር፣ በማላውቃት ሴት በር ላይ ነው።

«ገሎቹን ስትቀብር አፈሩን በእግርህ ስትረግጥ!» አለች ወይዘሮ ዝማም እየሳቀች። «እኛ እኮ በሳቅ ነው የምንፈርስ። ግባ፣ ግባ! እናትህ ደህና ናቸው?»

ያን ቀን የሰማሁት ይህ ነው። አባቷ ወፍጮ ቤት ነበራቸው፤ ጄኔሬተሩ ቀን እህል ይፈጫል፣ ሲመሽ ዴኩን ያንቀሳቅሳል። ካሴቱን ከፍተው እኛን ሲያገኙ ተናደዱ። ደብረ ታቦር ቢሄዱ ፎቶ ቤቱ ተዘግቶ ጫማ መሸጫ ሆኗል። ከዘፈኑ የጋይንት ሰዎች መሆናችንን ለዩ፤ ጋይንት ግን ሰፊ ነው።

«እነሱም አይተው ያመጡልናል ብለን ጠበቅን» አለች። «ምነው ቀራችሁ?»

«ገና አላየነውም ነበር።»

«ይኸን ሁሉ ዘመን?»

«ተመቻችተን ልናየው ነበር።»

እነሱ ግን አይተውናል። ሌላ ካሴት አልነበራቸውማ። «መጀመሪያ ጠላናችሁ፤ ከዚያ ለመድናችሁ፤ በኋላማ ሰንበት ሲሆን ካላየናችሁ ቅር ይለናል» አለች። የሁላችንንም ነገር ጠየቀችኝ፤ ጥርሷን የሚያማት አክስቴ ተነቀለላት ወይ? ያቺ ከሙሽራዋ ጎን ያለቀሰችው እህቴ አገባች ወይ?

«እንቅልፋሙስ ደህና ናቸው?»

«ማን እንቅልፋም?»

«ምሰሶውን ተደግፈው የሚተኙት ናቸዋ! ሰርጉ ሲጀመር ተኝተዋል፣ ሲጨፈር ተኝተዋል፣ ሙሽራዋ ስትሸኝ በሰው ተደግፈው ወጡ።»

አያ ሙላት ናቸው። ደህና ናቸው አልኋት።

«አባባስ?» አለች ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ። «መራቂው አባባ?»

ሳላስብበት «አባባ ደምሌማ ካረፉ ቆዩ» አልሁ።

ወይዘሮ ዝማም ሁለት እጇን አናቷ ላይ ጫነች። «ወይኔ አባባ!» ብላ የጮኸችው ጩኸት መንገዱን ተሻገረ። ጎረቤት በር በሩን ከፍቶ ወጣ። «ማን ሞተ? ማን ሞተ?» «የጋይንቱ አባባ!» «እኒያ ባለ ምርቃቱ? ወይኔ!» ወንበሮች ተደረደሩ። ሴቶቹ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው መጡ። እኔ የሟች ወገን ነኝና ከፊት አስቀመጡኝ፤ ሰው ተራ በተራ እየመጣ «እግዜር ያጥናህ» ይለኛል። «ኧረ ብዙ ጊዜ ሆኗቸዋል» ብላቸው፣ አንድ አዛውንት በቁጣ አዩኝ። «ለእኛ ዛሬ ነው» አሉ።

ንፍሮ መጣ። ንፍሮ እየቆረጠምን የአያቴን ታሪክ ለእኔ አወሩልኝ። የዝማም ልጆች ለፈተና ሲሄዱ አባባን ከፍተው «አሜን» ብለው ነበር የሚወጡት። የከፋው ሰው ሲኖር ይጠራና ይመረቅ ነበር። «አባቴም» አለች ዝማም፣ «ሊያርፍ ሲል፣ ቄሱ ከሄዱ በኋላ፣ እስቲ ያን ሽማግሌ አንዴ ክፈቱልኝ አለን።»

እኔ አባባ ሲያርፉ ለትምህርት ሩቅ ነበርሁ፤ ለቅሶው ላይ አልደረስሁም። እዚያ በሰው አገር፣ አፌ ንፍሮ እንደሞላ፣ እንባዬ መጣ። አዛውንቱ አይተውኝ «አሁን ገና» አሉ።

ካሴቱን ለመቀበል ስነሣ ዝማም ፊቷ ተለወጠ። «አንድ ነገር አለ። ምርቃቱን አመላልሰን ስናይ፣ በመጨረሻ ዴኩ እዚያ ላይ ክሩን በላው። አባባ ጋቢያቸውን ዝቅ ያደርጋሉ፣ እጃቸውን ያነሣሉ፣ ከዚያ በረዶ ነው።» ካሴቱን በሁለት እጇ ይዛ ቆየችና አልለቀቀችውም። «እኔ ራሴ ከእናትህ ፊት አደርሰዋለሁ። የኔንም አባት ማየት አለብኝ።»

ካሴቱ ደብረ ታቦር ተገለበጠ፤ በቀጠሮው ቀንም ዝማም ባሏንና ልጆቿን፣ ያን ቀን የተቆጡኝን አዛውንት ጭምር ይዛ ንፋስ መውጫ ወረደች። እናቴ መጀመሪያ የእነሱ ይታይ አለች። የከዘራው ሽማግሌ ሲመጡ ዝማም «አባቴ» አለች። እናቴ እጇን ያዘችላት። «ጨዋታ አዋቂ ሰው ነበር» አለቻት፣ እንደሚያውቁት ሰው።

ቀጥሎ የኛ ሰርግ ተከፈተ። አያ ሙላት ተኝተዋል። ካሜራው ዞሮ ሲመለስም ተኝተዋል። የእስቴ ልጆች «እንቅልፋሙ!» ብለው አጨበጨቡ፤ ከዚያ አጠገባቸው ተቀምጠው ሲያገኟቸው ደነገጡ። አያ ሙላት «ከዚያ በፊት ጨፍሬ ደክሞኝ ነው፤ እሱን አልቀረጸውም» አሉ። ከዚያ እኔ ወደቅሁ። እናቴ ዞራ አየችኝ። «ለካስ እንስራዬን» አለች፤ ሌላ ጊዜ እንደምንነጋገርበት ገባኝ።

አባባ ደምሌ ታዩ። ጋቢያቸውን እስከ ዓይናቸው ተከናንበው ካሜራውን በጥርጣሬ ያዩታል። የመሬት መለኪያ መስሏቸዋል። «መሬታችን እስከ ወንዙ ነው፤ ግብሩም ተከፍሏል» አሉት። አንድ ሰው በጆሯቸው ነገር ሲያንሾካሽክላቸው ጋቢያቸውን ዝቅ አደረጉ።

ፊታቸው ጥርት ብሎ ወጣ። እናቴ ተነሥታ ሄዳ ቴሌቪዥኑ ፊት ቆመች። አፍንጫቸው ከፊት ሲታይ ደፍጠጥ ያለ ነው፤ ዘወር ሲሉ ሰልካካ ነው። እናቴና አያ ሙላት በአንድ ጊዜ «አላልሁህም?»፣ «አላልሁሽም?» ተባባሉ።

አባባ እጃቸውን አነሡ። «እንግዲህ...» አሉ። በረዶ ወረደ።

እናቴ ከስክሪኑ አልተነቃነቀችም። ያኔ ከኋላችን የእስቴ ሰዎች ከትልቅ እስከ ትንሽ ብድግ አሉ። እጃቸውን እንደ አባባ ዘረጉ። ካቆሙበት ቀጠሉ፤ በዚያ ድጓ እንቢ ባለው የወፈረ ድምፅ፣ እረፍቱ ሳይቀር፣ ሳሉ ሳይቀር።

«እንግዲህ ገብሳችሁ ጎተራ ይጥበበው። በሬያችሁ ከቀንበር፣ እናንተም ከእርቅ አትውጡ። ልጃችሁ አባቱን ይምሰል፤ አባቱን ካልመሰለ እናቱን ይምሰል፤ ጎረቤት ግን አይምሰል። ብትጣሉ እንጀራ ሳይበርድ ታረቁ። እህ፣ እህ። በደጃችሁ ያለፈ ሁሉ ጠግቦ ይለፍ።»

«አሜን» አለች እናቴ ጀርባዋን እንደሰጠችን። «ድገሙልኝ» አለች።

ደገሙላት።

ዘመድ እንዲህ ነው የሚገኘው። በተከተለው ጥር ዝማም ልጇን ስትድር ሁላችንንም ጠራችን፤ ሽማግሌዎቹም ተነሥተው «የአባባ ልጅ እያለችልን ማን ይመርቃል?» አሉ። እናቴ እንቢ አለች፤ አፈረች፤ ለመኗት። ዝማም ወደ እኔ መጥታ «ይኼ እንዳያመልጠን፤ በስልክህ ቅረጽ፤ አደራ ጥለንብሃል» አለችኝ። ከፊት ቦታ ተሰጠኝ። ስልኬን አስተካክዬ ያዝሁ፤ ቀዩ ምልክት በራ። እናቴ ከድንኳኑ መካከል ቆመች፤ ነጠላዋን አስተካከለች፤ እጇን ዘረጋች። «እንግዲህ» አለች።

ከዚያ በኋላ ያለውን እኔም የማውቀው እንደማንኛውም እንግዳ ነው። ሰው ሁሉ ሁለት እጁን ሲዘረጋ እኔም ዘረጋሁ፤ ስልኬ ጭኔ ላይ ወድቆ ኖሯል። ሲያበቃ ባየው፣ ቪዲዮው ከዳር እስከ ዳር ሰማያዊው የድንኳን ሸራ ብቻ ነው። ድምፁ ግን አለ፤ የእናቴ ድምፅ አለ፣ የሰዉ አሜን አለ፣ ከሁሉ በላይ የኔ አሜን ይሰማል።

ለዝማም እንዴት እንደምነግራት እያሰብሁ መጀመሪያ ለእናቴ አሳየኋት። ስልኩን አፍንጫዋ ድረስ አስጠግታ እስከ መጨረሻው አየችው።

«እሰይ» አለች፤ «ሰማዩ እንዴት ጥርት ብሎ ነበር!»

አልተከራከርኋትም።